«ኮሶ ታየኝ» ሲባል፦ ትሉን የመለየትና መድኃኒቱን የማወቅ መመሪያ

«ኮሶ» በአማርኛ የሁለት ነገር ስም ነው። አንዱ በደጋው አገር የሚበቅለው፣ አበባው በዘለላ የሚንዠረገገው ዛፍ ሲሆን፣ ሌላው በዚያው አበባ ይሻራል የሚባለው የአንጀት ትል ነው። በሽታውና መድኃኒቱ በአንድ ስም መጠራታቸው የሕዝቡን የረጅም ጊዜ ልምድ ያሳያል፤ ይሁንና አንድ ጣጣ አብሮ አምጥቷል። «ኮሶ ታየኝ» ያለ ሰው መድኃኒቱንም በዚያው አፍ የጠራ ስለሚመስለው፣ ያየው ነገር በእርግጥ ምን እንደ ሆነ ሳያስጠይቅ በቀጥታ ወደ መጠጣቱ ይሄዳል። በላቦራቶሪ ሥራ ዘመኔ ካየኋቸው ስሕተቶች የሚበዙት የተሠሩት በዚህችው ቦታ፣ በማየትና በመጠጣት መካከል ነው።

ይህን የምጽፈው በአንድ በኩል በቤቱ ወይም በቤተሰቡ ትል አይቶ ምን ማድረግ እንዳለበት ለሚያስብ ሰው፣ በሌላ በኩል ደግሞ ሐኪሞቹ እንዲህ ያለውን በሽታ በመጽሐፍ እንጂ በዓይናቸው አይተውት በማያውቁበት አገር ለሚኖር ወገን ነው። በአዲስ አበባ ጤና ጣቢያ ተራ ጉዳይ የሆነው ነገር በዋሽንግተን ወይም በስቶክሆልም ክሊኒክ ብርቅ ነውና፣ በሽተኛው ራሱ ግማሹን መንገድ ካልሄደ ምርመራው ወራት ሊፈጅ ይችላል።

ያዩትን አይጣሉት

የኮሶ ትል፣ በሳይንሳዊ ስሙ ቴኒያ ሳጂናታ፣ ሪባን የመሰለ ጠፍጣፋ ትል ነው። ብዙውን ጊዜ ከ4 እስከ 10 ሜትር ይረዝማል፤ አካሉም ከ1,000 እስከ 2,000 የሚደርሱ ቁራጮች እርስ በርስ ተቀጣጥለው የሠሩት ነው። ሰው የሚያየው ከጭራው እየተበጠሱ የሚወጡትን የበሰሉ ቁራጮች ነው። አንዱ ቁራጭ ከ1 እስከ 2 ሴንቲሜትር ርዝመት፣ ግማሽ ሴንቲሜትር ያህል ወርድ አለው፤ ነጣ ያለ፣ የተላጠ የዱባ ፍሬ የሚመስል ነገር ነው። ትኩስ ሳለ ይኮማተራል፣ ይዘረጋል፤ አንዳንዴም ሰውየው ሳይጸዳዳ በራሱ ተንቀሳቅሶ ይወጣና በውስጥ ልብስ ላይ ይገኛል። ይህ በራሱ የመውጣት ጠባይ የዚህ ትል ጥሩ ምልክት ነው።

ወስፋት ግን ድቡልቡል ነው፤ ርዝመቱ ከ15 እስከ 35 ሴንቲሜትር የሚደርስ፣ ጫፎቹ የሾሉ፣ የምድር ትል የሚመስል ነው። ሌሊት ልጆችን ፊንጢጣቸው ላይ የሚያሳክከው ክር የመሰለ ነጭ ትል ደግሞ ከ1 ሴንቲሜትር ብዙም አይበልጥም። ከዚህ ሌላ የቲማቲም ልጣጭ፣ ያልተፈጨ የጎመን ጅማትና የአንጀት ንፍጥ «ትል ነው» ተብሎ ብዙ ጊዜ ይመጣል። ስለዚህ በቃል የተነገረ ገለጻ፣ የቱንም ያህል ቢብራራ፣ የያዙትን ነገር አይተካም።

ቁራጭ ሲታይ ጓንት አድርጎ፣ ጓንት ከሌለም በላስቲክ ከረጢት እጅን ሸፍኖ፣ ንጹሕና ክዳን ባለው ዕቃ ውስጥ ማስገባት ነው። በላዩ ላይ ጥቂት የጨው ውሃ ይደረግበታል። መጠኑ ለአንድ ሊትር ፈልቶ ለቀዘቀዘ ውሃ 9 ግራም ጨው ነው፤ ለአንድ ብርጭቆ ሲሰላ ግማሽ የሻይ ማንኪያ የማይሞላ ማለት ነው። ባዶ ውሃ ቁራጩን አሳብጦ ስለሚያበላሸው አይመከርም። በዕለቱ ወደ ጤና ተቋም መድረስ ካልተቻለ ከፋርማሲ የሚገዛ 70 በመቶ አልኮል የተሻለ ነው። ፎርማሊን ቅርጹን በደንብ ያቆያል፤ ነገር ግን በኋላ የዘረመል ምርመራ ቢያስፈልግ ያንን ያከብዳል። በዕቃው ላይ ስም፣ ቀንና ሰዓት ይጻፍ። ከዚያ እጅን በሳሙና በደንብ መታጠብ ግድ ነው፤ ምክንያቱን ወደ በኋላ እመጣበታለሁ።

አንድ ጊዜ አንዲት እናት የልጃቸውን ቁራጭ በክብሪት ቀፎ ይዘውልኝ መጡ። ከሦስት ቀን በፊት የተያዘ ነበርና ደርቆ የሽንኩርት ልጣጭ መስሏል፤ በሁለት ጣት ሲነካ ይሰበራል። በጨው ውሃ ዘፍዝፌ ብጠብቅም ሊቆጠር የሚችል ነገር አላገኘሁበትም። እኚያ እናት ጥንቃቄያቸው ከብዙ ሰው የተሻለ ነበር፤ የጎደላቸው አንድ ማንኪያ የጨው ውሃ ብቻ ነው።

በላቦራቶሪ ውስጥ የሚሠራው

ቁራጩ ሲደርስ በሁለት ስላይዶች መካከል ይደረግና በቀስታ ይጫናል፤ ስላይዶቹ ጫፍና ጫፋቸው ከታሰረ በኋላ ወደ ብርሃን አቅንቶ ማየት ነው። በመካከሉ እንደ ግንድ የሚወርድ መስመር ይታያል፤ ከግንዱ በግራና በቀኝ ቅርንጫፎች ይወጣሉ። ይህ በእንቁላል የተሞላው የትሉ ማህፀን ነው። የሚቆጠሩት በአንድ ወገን ብቻ ያሉት፣ ከግንዱ በቀጥታ የሚነሡት ዋና ቅርንጫፎች ናቸው፤ ወደ ዳር ሲደርሱ እንደገና የሚከፈሉት አይቆጠሩም። ጀማሪ ባለሙያ ብዙ ጊዜ የሚሳሳተው ዳሩን በመቁጠሩ ነው። በከብት ሥጋ የሚመጣው ቴኒያ ሳጂናታ ከ12 እስከ 30 ቅርንጫፍ ሲኖረው፣ በአሳማ ሥጋ የሚመጣው ቴኒያ ሶሊየም ከ7 እስከ 13 ይኖረዋል። 12 ወይም 13 ላይ ሁለቱ ስለሚገናኙ፣ እዚያ የደረሰ ቆጠራ በሌላ ቁራጭ ይደገማል እንጂ በግምት አይፈረድበትም። ቅርንጫፎቹ ካልታዩ በቁራጩ ጎን ባለችው ትንሽ ቀዳዳ በቀጭን መርፌ ጥቁር ቀለም ይከተታል፤ ቀለሙ ሲሞላ ማህፀኑ በነጭ ወረቀት ላይ እንደ ተሳለ ዛፍ ጎልቶ ይወጣል።

ቁራጭ ባይገኝስ? ያን ጊዜ ፍለጋው ወደ እንቁላል ይዞራል። እንቁላሉ ክብ፣ ቡናማ፣ ወፍራምና እንደ ጮራ የተሰነጣጠረ ቅርፊት ያለው፣ በውስጡም 6 መንጠቆ የያዘ ሽል ያለበት ነው፤ ስፋቱ ከ30 እስከ 40 ማይክሮሜትር ይሆናል። ይሁንና የሁለቱ ትሎች እንቁላል በማይክሮስኮፕ ፈጽሞ አይለይም። ስለዚህ በእንቁላል ብቻ የተሠራ የላቦራቶሪ ውጤት «የቴኒያ እንቁላል ታይቷል» ብሎ መቆም አለበት፤ ከዚያ አልፎ የዝርያውን ስም የጻፈ ካለ ያላየውን ጽፏል።

ትሉ እንቁላሉን በየቀኑ በእኩል አያወጣም፤ የሚበዛውም እንቁላል በቁራጩ ውስጥ ታሽጎ ይወጣል። ስለዚህ አንድ ጊዜ በተሰጠ ሰገራ ምንም አለመገኘቱ ትል የለም ማለት አይደለም። በተለያዩ ቀናት የተወሰዱ 3 ናሙናዎች ይሰጡ፤ ላቦራቶሪውም በሳላይን (በጨው ውሃ) ከሚያየው ቀጥተኛ ምርመራ ሌላ ናሙናውን በፎርማሊንና በኤተር አጥልሎ እንዲያይ ይጠየቅ። ለቴኒያ ሳጂናታ ብዙዎች የሚረሱት ቀላል ዘዴ አለ፦ ጠዋት ከመታጠብ በፊት ግልጽ የሆነ የስኮች ፕላስተር በፊንጢጣ ዙሪያ ለጥፎ አንሥቶ በስላይድ ላይ መለጠፍ። ቁራጩ በራሱ ሲወጣ እየተፈረካከሰ እንቁላሉን እዚያው ስለሚተው፣ በሰገራ ያልተገኘው በፕላስተሩ ላይ ይገኛል። ናሙና ሲሰጥ ከሽንትና ከመጸዳጃ ውሃ ጋር እንዳይቀላቀል፤ በቅርብ ቀናት የተወሰደ አንቲባዮቲክ ወይም የጨጓራ መድኃኒት ካለም ይነገር።

ዝርያውን ለመለየት ይህን ሁሉ መድከም ለምን አስፈለገ? የከብቱ ትል እንቁላል ሰውን አይዝም፤ ከብቱ በልቶት በሥጋው ውስጥ ከረጢት ይሠራል፣ ሰው ደግሞ ያንን ጥሬ ሥጋ ሲበላ ትሉ ይበቅልበታል። የአሳማው ትል እንቁላል ግን ወደ ሰው አፍ ከገባ በሰው ጡንቻና በአንጎል ውስጥ ከረጢት ሊሠራ ይችላል። ኒውሮሲስቲሰርኮሲስ የሚባለው ይህ ነው፤ በዓለም ላይ በአዋቂ ዕድሜ ለሚጀምር የሚጥል በሽታ ከታወቁት ምክንያቶች አንዱ ነው። እጅን መታጠብ ግድ ያልሁትም ስለዚህ ነው፤ በዕቃው ያለው የትኛው ትል እንደ ሆነ ገና አልታወቀምና።

«እኛ አሳማ አንበላም፣ ይህ አይመለከተንም» የሚል አንባቢ እንደሚኖር አውቃለሁ። በኢትዮጵያ ኦርቶዶክሱም ሙስሊሙም አሳማ ስለማይበላ ይህ ትል በአገር ውስጥ ብርቅ መሆኑ እውነት ነው። ነገር ግን ትሉን ለማሳደግ የአሳማ ሥጋ ያስፈልጋል እንጂ፣ ከረጢቱ አንጎል ውስጥ እንዲገባ አያስፈልግም። እ.ኤ.አ. በ1992 የታተመ የሕክምና ዘገባ በኒው ዮርክ ሃይማኖታቸውን አጥብቀው በሚይዙ፣ አሳማ በማይቀምሱ አይሁዳውያን ቤተሰቦች ውስጥ በሽታው በአንጎል መገኘቱን አስነብቧል፤ ምንጩ ትሉ ከሚበዛባቸው አገሮች በመጡ የቤት ሠራተኞች በኩል የተላለፈ እንቁላል እንደ ሆነ ነበር የታመነው። ስለዚህ ከብዙ አገር ሰው ጋር ማዕድ የሚካፈል ስደተኛ ይህን ታሪክ ቢያስታውስ ይጠቅመዋል።

ሐኪሙ አይቶት የማያውቀው በሽታ

በውጭ አገር ያለ ሐኪም የሚያዝዘው ምርመራ በሚሰማው ታሪክ ላይ የተመሠረተ ነው። «ሆዴን ያመኛል» ብሎ ዝም ያለ ሰው የጨጓራ ምርመራ ይታዘዝለታል። ወደ ቀጠሮው ሲኬድ በአንድ ወረቀት ላይ የተወለዱበትንና የኖሩበትን ወረዳ፣ ከአገር የወጡበትንና ለመጨረሻ ጊዜ የተመለሱበትን ጊዜ፣ በሐይቅ ወይም በወንዝ መዋኘት እንደ ነበረ፣ ጥሬ ሥጋ መብላትን፣ በባዶ እግር መሄድን፣ የጠጡትንም የባህል መድኃኒት ከነቀኑ ጽፎ መያዝ ከማንኛውም ማብራሪያ ይሻላል። ጥሬ ሥጋ እበላለሁ ማለት የሚያሳፍረው ሰው ብዙ ነው፤ ሐኪሙ ግን ቁርጥና ክትፎን ካልሰማ ቴኒያን አያስብም።

ቴኒያን እንደ ምሳሌ ያዝሁት እንጂ በተራ የሰገራ ምርመራ የማይገኙ፣ ከዚህም የከፉ ጥገኛ ተውሳኮች አሉ። ለእያንዳንዳቸው የሚያስፈልገው ናሙና ይለያያል።

በሁመራና በመተማ ቆላ ሠርቶ የተመለሰ ሰው ከሁለት ሳምንት በላይ ትኩሳት ቢይዘው፣ ቢከሳና ጣፊያው ቢያብጥ መታሰብ ያለበት ሌሽማንያ የተባለው ተውሳክ የሚያመጣው ካላዛር ነው። ምርመራው በደም የሚሠራ ፈጣን ኪት ሲሆን አርኬ39 ይባላል። ነገር ግን ይህ ኪት በምሥራቅ አፍሪካ ያለው ብቃት በሕንድ ካለው ያነሰ ስለሆነ፣ ውጤቱ «የለም» ቢል እንኳ ምልክቱ ካለ ከጣፊያ ወይም ከአጥንት መቅኔ በመርፌ ተወስዶ በማይክሮስኮፕ መታየት አለበት። ከዳነ በኋላም ኪቱ ለረጅም ጊዜ «አለ» ማለቱን ስለሚቀጥል፣ በሽታው ማገርሸቱን በእሱ ማወቅ አይቻልም። በደጋው ፊት ላይ የሚወጣው ቁንጭር የሌላ የሌሽማንያ ዝርያ ሥራ ነው፤ እርሱ የሚመረመረው ከቁስሉ ዳር ተፍቆ በሚወሰድ ናሙና ነው።

ቢልሃርዚያ በጣና ወይም በባቱ ዙሪያ ላደገ ሰው የሚጠረጠር ነው። የአንጀቱ ዓይነት እንቁላል በጎኑ እሾህ አለው፤ የሽንቱ ዓይነት ደግሞ በጫፉ። የአንጀቱ ናሙና ካቶ ካትዝ በተባለው ዘዴ ይታያል፤ 41.7 ሚሊግራም ሰገራ በሚይዝ ወንፊት ተለክቶ የተገኘው የእንቁላል ቁጥር በ24 ሲባዛ በአንድ ግራም ስንት እንዳለ ይታወቃል። የሽንቱ ናሙና ግን ከረፋዱ 4 ሰዓት እስከ ቀኑ 8 ሰዓት ባለው ጊዜ መሰጠት አለበት፤ እንቁላሉ የሚበዛው ያን ጊዜ ነውና። ጠዋት በማለዳ የተሰጠ ሽንት ንጹሕ መስሎ ሊያልፍ ይችላል። ትሉ በሰው ደም ሥር ለብዙ ዓመት ስለሚኖር ከአገር ከወጣሁ ብዙ ጊዜ ሆኖኛል ማለት ከምርመራ አያድንም።

ከሁሉ ይልቅ አጥብቄ የምናገረው ስለ ስትሮንጂሎይደስ ነው። ይህ በእግር ቆዳ የሚገባ ቀጭን ትል በሰው አካል ውስጥ ራሱን እያባዛ ለአሥርት ዓመታት ሊቆይ ይችላል፤ ምልክቱም ከጥቂት የቆዳ ማሳከክና ከሆድ መረበሽ ላያልፍ ይችላል። ያ ሰው ለአስም፣ ለመገጣጠሚያ ወይም ለሌላ በሽታ ፕሬድኒሶሎን ወይም ዴክሳሜታሶን የተባሉትን የስቴሮይድ መድኃኒቶች ሲጀምር ትሉ ያለ ልክ ይባዛና ሊገድል ይችላል። ተራ የሰገራ ምርመራ ብዙ ጊዜ ትሉን ሳያገኘው ያልፋል። ስለዚህ በገጠር በባዶ እግሩ ያደገ ሰው እንዲህ ያለ መድኃኒት ሲታዘዝለት፣ አስቀድሞ ለስትሮንጂሎይደስ የደም ምርመራ እንዲደረግለት ወይም ሰገራው በቤርማን ወይም በአጋር ዘዴ እንዲታይለት ራሱ ይጠይቅ። በደም ቆጠራ ወረቀት ላይ ኢዮሲኖፊል የሚባለው የነጭ ደም ሕዋስ ቁጥር ከፍ ብሎ ከተገኘም ይህ ጥያቄ ይበረታል።

በዕፅዋቱ ውስጥ ያለው

ወደ ኮሶው ዛፍ እንመለስ። ሃጌኒያ አቢሲኒካ የሚባለው ይህ ዛፍ ከ2,000 ሜትር በላይ ባለው ደጋ የሚበቅል፣ ሴቴውና ወንዴው በየዛፉ የተለየ ነው። ለመድኃኒት የሚፈለገው ቀላ ያለው የሴቴው አበባ ነው። በ18ኛው ክፍለ ዘመን ወደ ኢትዮጵያ የመጣው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ስለ ዛፉ ጽፏል፤ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ደግሞ አበባው በአውሮፓ ፋርማሲዎች ለቴኒያ መድኃኒት ሆኖ ይሸጥ ነበር።

በአበባው ውስጥ ትሉን የሚያጠቁት ኮሶቶክሲንና ፕሮቶኮሲን የተባሉ፣ የፍሎሮግሉሲኖል ወገን የሆኑ ውህዶች ናቸው። አውሮፓውያን ለቴኒያ ይጠቀሙበት በነበረው ወንዴ ፈርን በተባለው ተክል ያሉት ውህዶችም የእነዚህ ዘመዶች ናቸው። ጠቃሚው ነጥብ ኮሶቶክሲን በውሃ በቀላሉ የማይሟሟ፣ በአልኮልና በኤተር ግን የሚሟሟ መሆኑ ነው። በቤታችን ዱቄቱ ተበጥብጦ ከነአተላው የሚጠጣው፣ በአውሮፓም ሳይጠለል ይሰጥ የነበረው በዚህ ምክንያት ትርጉም ያገኛል፤ ጠልሎ ጥሩውን ውሃ ብቻ የጠጣ ሰው ምሬቱን እንጂ መድኃኒቱን ብዙም አላገኘም። ጉዳቱም ከዚሁ ጠባይ ጋር ይያያዛል። ለወንዴ ፈርን የቀድሞ ሐኪሞች የጉሎ ዘይትን ይከለክሉ የነበረው፣ ዘይት ውህዱን አሟሙቶ ከአንጀት ወደ ደም እንዳያሻግረው ብለው ነው። ኮሶንም ከቅባት ወይም ከአረቄ ጋር የሚወስድ ሰው ከዚሁ አደጋ ጋር ይጫወታል። በኮሶ መመረዝ ማስመለስን፣ ብርቱ ተቅማጥን፣ የዓይን ብርሃን መቀነስንና መታወርን ጭምር እንደሚያስከትል በሕክምና ጽሑፎች ተመዝግቧል። ነፍሰ ጡር ሴት ፈጽሞ ልትጠጣው አይገባም።

በዚህ ሁሉ ላይ አበባው ሲያረጅ ኃይሉ ይደክማል። በገበያ የሚሸጠው ዱቄት ዘንድሮ ይሁን አምና የተለቀመ፣ የሴቴ ይሁን የወንዴ፣ በዓይን አይታወቅም። በዚህ ምክንያት «አንድ ጭብጥ» ወይም «አንድ ጣሳ» የሚለው ልክ ለአንዱ ምንም ሳይሠራ ለሌላው መርዝ ሊሆን ይችላል፤ እኔም በዚህ ጽሑፍ የመጠጫ መጠን የማልጽፈው ስለዚህ ነው።

በትምህርት ቤት ቤተ ሙከራ ይህን ለተማሪ ለማሳየት የሚፈልግ መምህር ካለ፣ ከኮሶ ይልቅ እንደ ኮሶ ለትል በሚጠጣው በእንቆቆ ቢጀምር ይሻላል። የእንቆቆ ፍሬ ኤምቤሊን የተባለ ብርቱካናማ ውህድ አለው። ፍሬው ተፈጭቶ ጥቂቱ በኤተር ይናጣል፤ ተጣርቶ በፈሳሹ ላይ የተበረዘ አሞኒያ በጠብታ ሲጨመር ቢጫው ፈሳሽ ወደ ሐምራዊ ይለወጣል። መስኮት ተከፍቶ፣ እሳት ርቆ ይሠራ፤ ኤተር በቀላሉ ይቀጣጠላል። ለመተሬ፣ ለሌላው የትል መድኃኒት፣ ደግሞ ኤተርም አያስፈልግ፦ የፍሬው ዱቄት ግማሽ ግራም በ10 ሚሊ ሊትር ውሃ በሙከራ ብልቃጥ ተደርጎ ለ30 ሴኮንድ ይናጥ። ከ10 ደቂቃ በኋላም የቆመ አረፋ ካለ ሳፖኒን፣ እንደ ሳሙና አረፋ የሚያወጣ የዕፅዋት ውህድ፣ አለ ማለት ነው። ለኮሶ የሚሠራው የፌሪክ ክሎራይድ ጠብታ ግን ብዙ አያስተምርም፤ በአበባው ያለው ታኒንም ያንኑ ጥቁር ቀለም ስለሚሰጥ፣ ቀለሙ ኮሶቶክሲን መኖሩን አያስረዳም።

አረፋውም ቢሆን ሳፖኒን መኖሩን ብቻ ነው የሚናገረው። ይህን ለማየት እንዶድን ማሰብ ይበቃል። ዶክተር አክሊሉ ለማ እ.ኤ.አ. በ1964 በዓድዋ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ቦታ በታች ቀንድ አውጣዎች ሞተው ማየታቸው፣ የቢልሃርዚያ አስተላላፊ ቀንድ አውጣን በእንዶድ ለመግደል የተደረገውን ረጅም ምርምር አስጀመረ፤ ውህዱም በእሳቸው ስም ለማቶክሲን ተባለ። እ.ኤ.አ. በ1989 ከዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ጋር «ራይት ላይቭሊሁድ» የተባለውን ሽልማት አግኝተውበታል። እንዶድ እንደ መተሬ አረፋ ያወጣል፤ ነገር ግን ቀንድ አውጣውን በውሃ ውስጥ ይገድላል እንጂ በሰው ደም ሥር ያለውን ትል አይነካም፤ ሰው ቢጠጣው ይመርዘዋል። «እንዶድ ለቢልሃርዚያ ይሆናል» የሚለውን ወሬ ሰምቶ የሚጠጣ ሰው ግኝቱን ገልብጦ ነው የተረዳው።

ከሕክምናው በኋላ

ለተረጋገጠ ቴኒያ ሐኪም የሚያዝዘው ብዙውን ጊዜ ፕራዚኳንቴል፣ በአንድ ኪሎ ክብደት ከ5 እስከ 10 ሚሊግራም ሆኖ አንድ ጊዜ የሚዋጥ፣ ወይም ኒክሎሳማይድ፣ ለአዋቂ 2 ግራም ተኝኮ የሚወሰድ ነው። ፕራዚኳንቴል ከመዋጡ በፊት ራስ ምታት፣ የሚጥል በሽታ ወይም ከቆዳ ሥር እብጠት ያለበት ሰው ይህንኑ መናገር አለበት፤ በአንጎል ውስጥ ሳይታወቅ የተቀመጠ ከረጢት ካለ መድኃኒቱ በድንገት ሊያስጥለው ይችላልና።

ብዙ ሰው ከሕክምና በኋላ የትሉን ራስ ለማግኘት ሰገራውን ሲያገላብጥ ይውላል። በኮሶ ዘመን ይህ ትክክለኛ ልማድ ነበር፤ ኮሶ ትሉን ስለሚያስወጣው፣ አካሉ ወጥቶ ራሱ አንጀት ላይ ተጣብቆ የቀረ እንደ ሆነ ትሉ እንደገና ያድጋል። አባቶቻችን በየሁለት ወሩ ኮሶ መጠጣታቸውም በከንቱ አልነበረም፤ አዲስ የተዋጠ ከረጢት አድጎ ቁራጭ ማውጣት የሚጀምረው ከሁለት እስከ ሦስት ወር ባለው ጊዜ ነው። በዛሬዎቹ መድኃኒቶች ግን ትሉ አንጀት ውስጥ ስለሚፈራርስ ራሱ ብዙ ጊዜ አይገኝም፤ አለመገኘቱም አያሳስብ።

ማረጋገጫው በጊዜ ነው። በሳምንቱ የተደረገ ምርመራ ንጹሕ ቢሆን ምንም አያስረዳም፤ ራሱ ቀርቶ ቢሆን እንኳ ቁራጭ ለማውጣት ገና አልደረሰም። ሰገራው ከ1 ወርና ከ3 ወር በኋላ ይታይ፤ የስኮች ፕላስተሩም ይደገም። ኮሶ፣ እንቆቆ ወይም መተሬ ጠጥቶ የመጣ ሰውም ይህንኑ ሰሌዳ ይከተል፤ የጠጣበትን ቀንም ለባለሙያው ይናገር፤ አለዚያ «ምንም አልተገኘም» የሚለው ወረቀት ያሳስተዋል። በሦስተኛው ወር ሁለቱም ንጹሕ ከሆኑ ሕክምናው ሠርቷል። ከዚያ በኋላ የሚታይ ቁራጭ ካለ፣ የቀረ ራስ ይሁን በአዲስ ሥጋ የገባ በወሬ አይለይምና፣ እሱም እንደ መጀመሪያው በጨው ውሃ ተይዞ፣ ቀኑ ተጽፎበት ይምጣ።